ከዘንዶው በር አትጀምሪ

ሚጡዬ፣ እስቲ ስልኩን ወዲህ በዪውና አብረን እንየው። «የዘንዶ በር፣ ቀይ ፋኖሶች፣ ከመሬት በታች ያሉ የምስጢር ዋሻዎች፣ መጨረሻ ላይ ዲም ሰም።» ቅዳሜ ልትሄጂበት ያሰብሽው ጉብኝት ይሄ ነው? አይ፣ አትክፈዪ። መጀመሪያ ደውዪና አንድ ነገር ጠይቂያቸው፦ ጉዞው የሚነሳው ከየት ነው? ከባቡር ጣቢያው፣ ከዩኒየን ስቴሽን ነው ካሉሽ ክፈዪ። ብሮድዌይ ላይ ከቆመው የዘንዶ በር ነው ካሉሽ ግን ሌላ አስጎብኚ እንፈልጋለን። ያ በር በፈረንጆች 2001 የተሠራ ነው፤ ዕድሜው ካንቺ ያንሳል። ሎስ አንጀለስ ውስጥ ደግሞ ቻይና ታውን አንድ ብቻ አልነበረም፣ ሦስት ነበር። ሁለቱን የሚያውቅ አስጎብኚ ካላገኘሽ ሦስተኛው ቀለም ብቻ ይሆንብሻል።

«ባቡር ጣቢያ ደግሞ ምን ይታያል?» ማለትሽ አይቀርም፤ አንቺ ጣቢያውን የምታውቂው ለሥራ ስትጣደፊ ነው። ያ የቆዳ ወንበር የተደረደረበት ሰፊ አዳራሽ በፈረንጆች 1939 ሲመረቅ የቆመው የመጀመሪያው ቻይና ታውን በነበረበት ቦታ ላይ ነው። ሱቅ፣ የባህል መድኃኒት ቤት፣ ቤተ መቅደስ፣ ምግብ ቤት፣ ልጅ ያደገበት ቤት ሁሉ እዚያ ነበር። ነዋሪዎቹ ግን ተከራዮች ነበሩ፤ መሬቱ የሌላ ሰው ነው። ብዙው መንገድ በግል ይዞታ ውስጥ ስለሆነ ማዘጋጃ ቤቱ ሳያነጥፈው ዓመታት አለፉ፤ ኋላ ደግሞ ጭቃውና ቆሻሻው ሰፈሩ ይፍረስ ለሚሉት ጥሩ ምክንያት ሆነላቸው። ክርክሩ እስከ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሄዶ በ1931 ለጣቢያው ተፈረደ፣ በ1933 ማፍረሱ ተጀመረ። ይሄን ሁሉ አስጎብኚው ይንገርሽ፤ ካልነገረሽ ጠይቂው።

አዳራሹን እንዳየሽ ወዲያው አትውጪ። በመተላለፊያው ሄደሽ በምሥራቁ በር በኩል ሜይ ሰን የምትባል አርቲስት የሠራችውን ረጅም መቀመጫ ፈልጊ። የምድር ውስጥ ባቡሩ ሲቆፈር ከድሮው ሰፈር የተገኙ ዕቃዎች እዚያ ውስጥ ተቀብረዋል። ብዙ ሰው ቡናውን ይዞ ተቀምጦበት ይነሳል፣ ሥሩ ምን እንዳለ አያይም። አንቺ ግን ጎንበስ ብለሽ እዪው።

ከዚያ አላሜዳ መንገድን ስትሻገሪ የቻይና አሜሪካውያን ሙዚየም ጋ ትደርሻለሽ። ሕንፃው ጋርኒየር ይባላል፤ በ1890 ለቻይናውያን ተከራዮች ተብሎ የተሠራ ነው። ከድሮው ቻይና ታውን ተርፎ የቆመ ይሄ ነው፤ እሱም ሙሉውን አይደለም፣ አንዱ ጎኑ በ1950ዎቹ ለአውራ ጎዳናው ሲባል ተቆርጧል። ውስጥ ሰን ዊንግ ዎ የተባለውን የድሮ ሱቅና መድኃኒት ቤት እንደነበረው አድርገው ሠርተውታል፤ እስከ መሳቢያዎቹ። እዚያ ጊዜ ውሰጂ። ጥድፊያ የሚወድ አስጎብኚ «ከውጭ እንየውና እንለፍ» ካለ፣ ጉብኝቱ ሲያልቅ ብቻሽን ተመለሺበት።

አሁን የምነግርሽ ከባድ ነው፤ ግን ሳታውቂው እንድትሄጂ አልፈልግም፣ መንገድ ላይ ድንገት ሲነግሩሽ ትደነግጫለሽ። ሙዚየሙ አጠገብ የእግረኛ መንገዱ ላይ አንድ የመታሰቢያ ጽሑፍ አለ። ጥቅምት 24 ቀን 1871 በፈረንጆች፣ ሁለት የቻይናውያን ቡድኖች ተጣልተው ተታኮሱ፤ በመሀሉ አንድ ነጭ ከብት አርቢ ተመትቶ ሞተ። ወሬው ሲሰማ ወደ 500 የሚጠጋ ሰው ወጣ። ከተማው ያኔ ጠቅላላ ነዋሪው ወደ 6,000 ገደማ ነበር፤ እንግዲህ ከአሥራ ሁለት ሰው አንዱ ማለት ነው። ቻይናውያኑ 200 እንኳን አይሞሉም። በዚያች አንድ ምሽት የወጣው ሕዝብ 18 ቻይናውያንን ገደለ፣ አብዛኞቹን ሰቅሎ። ከተገደሉት አንዱ ጂን ቶንግ የሚባል የታወቀ የባህል ሐኪም ነበር። በእንግሊዝኛም በስፓኒሽም ለምኗቸዋል፣ ገንዘብም ልስጣችሁ ብሏል፤ ሰቀሉት፣ ቀለበቱን ለመውሰድም ጣቱን ቆረጡ። ስምንት ሰዎች ተፈርዶባቸው ነበር፤ የክፍለ ሀገሩ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ግን በክሱ አጻጻፍ ጉድለት ፍርዱን ሻረው። በዚያ ዘመን ካሊፎርኒያ ውስጥ ቻይናዊ በነጭ ላይ እንዳይመሰክር ሕጉ ራሱ ይከለክል ነበር።

አስጎብኚን የምትመዝኚው እዚህ ላይ ነው። ስለ ዋሻና ስለ ኦፒየም ቤት ግማሽ ሰዓት አውርቶ ይሄንን በሁለት ዓረፍተ ነገር የሚያልፍ ከሆነ፣ የሚሸጥልሽ ተረት ነው። እኔን ብትጠይቂኝ የሙዚየሙንና የቻይናውያኑን የታሪክ ማኅበር ሰዎች እመርጣለሁ። ድምፃቸው እንደ ፊልም ተዋናይ አይደለም፣ ቀልዳቸውም ደረቅ ነው፤ ግን የሚያሳዩሽን ያውቁታል።

ከሙዚየሙ ወደ ሰሜን ስትወጪ ሁለተኛው ቻይና ታውን የነበረበትን ታልፊያለሽ። እሱን ፈልገሽ አታገኚውም። ክሪስቲን ስተርሊንግ የምትባል ሴት ነበረች፣ ኦልቬራ ስትሪትን የሜክሲኮ ገበያ አድርጋ ያሳመረችው እሷ ናት። ድሮው ሰፈር ሲፈርስ በ1938 «ቻይና ሲቲ» ብላ የቱሪስት መንደር ከፈተች፤ ከፊልም ቀረፃ የተረፈ ዕቃ ተደርድሮበት፣ ሰው የሚጎተትበት ሪክሾ ሁሉ ነበረው። ዓመት ሳይሞላው ተቃጠለ፣ ተሠራ፣ እንደገና ተቃጠለና ቀረ። እዚያ የሠሩት ነጋዴዎች ግን ቻይናውያን ነበሩ፣ እንጀራቸው ነበር፤ ስለዚህ «ውሸት ነበር» ብሎ ለመሳቅ አትቸኩዪ።

ሦስተኛው ዛሬ ፋኖስ ተሰቅሎ የምታዪው ነው፤ እሱም የተከፈተው በዚያው በሰኔ 1938 ነው። ለቱሪስት ተብሎ ያጌጠ መሆኑ አይካድም፣ ጣሪያው ሁሉ ወደ ላይ የተቆለመመ፣ ማታ ኒዮኑ የሚያበራ። ልዩነቱ የመሬቱ ነው። ፒተር ሱሁ የሚባል፣ እዚሁ አሜሪካ የተወለደ፣ በከተማው የውሃና መብራት መሥሪያ ቤት የሚሠራ መሐንዲስ ሰዉን አስተባበረ። ገንዘብ አዋጡ፣ ኩባንያ አቋቋሙ፣ ከባቡር ኩባንያ መሬት ገዙ። ልብ በዪ፣ ያኔ ከቻይና የመጣ ሰው ዜግነት ማግኘት አይችልም፤ ከ1913 ጀምሮ ደግሞ ዜጋ ሊሆን የማይችል ሰው ካሊፎርኒያ ውስጥ የእርሻ መሬት እንዳይገዛ ሕግ ወጥቷል። ቻይናውያን ሠራተኞች እንዳይገቡ የሚያግደው የ1882ቱ ሕግ እንኳ የተነሳው በ1943 ነው። በዚያ ሁሉ መሀል ነው ከተከራይነት ወጥተው ባለ መሬት የሆኑት።

ይሄን የማስረዝምብሽ ያለ ምክንያት አይደለም። እሑድ እሑድ የምንሄድበት የፌርፋክሱ ሊትል ኢትዮጵያ ከከተማው ስሙን ያገኘው በ2002 ነው። ምልክቱ ተሰቅሏል፣ እንጀራውም ቡናውም አለ። ግን አስጎብኚሽ ስለ 1938 ሲያወራ አንቺ በልብሽ የፌርፋክስን ሱቆች ቁጠሪ፣ ሕንፃው የማን ነው፣ ኪራዩን የሚጨምረው ማን ነው እያልሽ። ስምና ካርታ የተለያዩ ነገሮች ናቸው፤ የቤት ካርታ ማለቴ ነው።

ወደ ሦስተኛው ቻይና ታውን እንመለስ። አደባባዩ ውስጥ በምሥራቁ በኩል ያለውን በር አሠሪው ዩ ቹንግ ሆንግ የሚባል ጠበቃ ነው፤ ለእናቱ መታሰቢያ ነው ያቆመው። በካሊፎርኒያ በጥብቅና ለመሥራት ከቻሉት ቻይናውያን ቀዳሚዎቹ ውስጥ ነው፣ የኢሚግሬሽን ጉዳይ ይይዝ ነበር። ለእማዬ ፎቶ የምትልኪ ከሆነ ከዘንዶው ይልቅ ይሄኛው በር ይሁን። የብሩስ ሊ ሐውልት ጋም ትቆሚያለሽ፣ አውቅሻለሁ፤ በ1967 ኮሌጅ ስትሪት ላይ ትምህርት ቤት ከፍቶ ነበር፣ እሱን ጨምረሽ ንገሪያት።

ስለ ሰዎቹ ደግሞ ስሚኝ። አገር ቤት ልጆች ፊቱ እስያዊ የሆነን ሁሉ «ቻይና! ቻይና!» ይሉ የለ? ያ አስተሳሰብ እዚህ ድረስ ተከትሎሽ እንዳይመጣ። አስጎብኚሽ አያቱም እዚህ የተወለዱ ሊሆን ይችላል፣ «መቼ መጣህ?» ብለሽ አታድርቂው፤ እኛን ሲጠይቁን እንዴት እንደሚያናድድ ታውቂዋለሽ። ባለ ሱቋ ከቬትናም ወይም ከካምቦዲያ የመጣች ልትሆን ትችላለች። ዬል ስትሪት ላይ ያለውን የቲየን ሃው ቤተ መቅደስ ያቆመው ከቬትናም የመጡ ቻይናውያን ማኅበር ነው፤ የባሕር ተጓዦችን የምትጠብቅ አምላክ የሚሏት እዚያ ናት። ሰው የሚጸልይበት ቤት ነው፦ ነጠላ ለብሰሽ ባትገቢም ድምፅሽን ቀንሺ፣ ካሜራውን ከማውጣትሽ በፊት ጠይቂ፣ ዕጣን የያዘ ሰው ፊት አትቁሚ። አደባባዩ ላይ ካርታ የሚጫወቱትን ሽማግሌዎችም ሳያስፈቅዱ ማንሳት ነውር ነው።

ጫማሽ ጠፍጣፋ ይሁን፣ ባርኔጣ ያዢ፣ ውሃ ያዢ። አስጎብኚው በጎ ፈቃደኛ ከሆነ ለሙዚየሙ ሳጥን ጣል አድርጊ፤ የሚከፈለው ከሆነ ጉርሻ ስጪው፣ እዚህ አገር የተለመደ ነው።

ዲም ሰም በሚሉት ምግብ ላይ ግን ከአስጎብኚዎቹ ጋር አትቸኩዪ። ሹ ማይ የሚሉት አሳማና ሽሪምፕ ነው፣ ሃር ጋው ሽሪምፕ ነው፤ የእንቁላል ታርቱ እንኳ ሊጡ ብዙ ጊዜ በአሳማ ስብ ይሠራል። በጾም ቀን የሄድሽ እንደሆነ «አትክልት ብቻ» ማለት አይበቃም፣ ጎመኑ ላይ የኦይስተር ሶስ ስለሚያፈሱበት ያለ ሶስ ብለሽ እዘዢ። ቶፉና እንጉዳይ ካለ እሱ ይሻልሻል። ሻይሽን ሲቀዱልሽ አብረውሽ ያሉት ጠረጴዛውን በጣታቸው መታ መታ ሲያደርጉ ካየሽ ምስጋናቸው ነው፣ አንቺም አድርጊው።

ጾም ካልሆነ ደግሞ ወደ ብሮድዌይ ውጪና ፊኒክስ ዳቦ ቤት ግቢ፤ እሱም የ1938 ነው። የእንጆሪ ኬካቸውን ሙሉውን ግዢ፣ እሑድ ቡናው ላይ እንበላዋለን። ባቡር ላይ ወንበር አታስቀምጪው፣ ጭንሽ ላይ ያዢው፤ ክሬሙ ሙቀት አይችልም፣ አንድ ፌርማታም ብትሆን ይንሸራተታል።