ከጁምዓ ሶላት መልስ ልብሱን የሰጠው ሱልጣን፦ የኪልዋ ደሴት ታሪክ

ቢስሚላህ።  

ዛሬ ወደ አንዲት ደሴት ልውሰዳችሁ። ስሟ ኪልዋ ይባላል። ከዳሬሰላም በስተደቡብ 300 ኪሎ ሜትር ገደማ ርቃ፣ ከታንዛኒያ የባሕር ዳርቻ ፊት ለፊት የምትገኝ ትንሽ ደሴት ናት። ዛሬ ብትሄዱ የምታገኙት የዓሣ አጥማጆች መንደርና ብዙ ፍርስራሽ ነው። ከ700 ዓመት በፊት ግን በዚያ ዳርቻ ከነበሩት ከተሞች ሁሉ ከሀብታሞቹ አንዷ ነበረች።

ስለ አመሠራረቷ የሚተረክ ወግ አለ። ዐሊ ኢብን ሐሰን የተባለ ሰው ከፋርስ ሺራዝ በመርከብ መጥቶ ደሴቷን ከአገሬው ንጉሥ ለመግዛት ጠየቀ። ንጉሡም የደሴቷን ዙሪያ የሚከብብ ጨርቅ እንዲሰጠው ዋጋ ቆረጠ፤ ዐሊም ከፈለ። ያኔ ባሕሩ ሲሸሽ ከየብስ ወደ ደሴቷ በእግር ይኬድ ነበርና፣ ንጉሡ በሽያጩ ተጸጽቶ እንዳይመለስባቸው መተላለፊያውን ቆፍረው አጠለቁት ይባላል።

ወጉ ደስ ይላል፤ ግን ወግ ነው። የአርኪዮሎጂ ቁፋሮዎች ከተማዋ ከአገሬው አፍሪካዊ ሕዝብ መካከል ቀስ በቀስ እንዳደገች ያሳያሉ። በ2023 እ.ኤ.አ. የታተመ የጥንታዊ ዘረመል ጥናትም፣ ከስዋሂሊ ዳርቻ መቃብሮች በተገኙ ናሙናዎች ላይ፣ የእናት ወገኑ በአብዛኛው አፍሪካዊ፣ የአባት ወገኑ ደግሞ በብዛት ከፋርስ የመጣ መሆኑን አመልክቷል። ወጉ ከባሕር ማዶ የመጡትን አባቶች አስታወሰ፤ እዚያው የነበሩትን እናቶች ረሳ። ይህቺን ነገር ያዙልኝ፤ እንመለስባታለን።

ኪልዋ የከበረችው በንግድ ነው። በዛሬዋ ሞዛምቢክ ባለችው በሶፋላ ወደብ በኩል የሚመጣው የመሐል አገር ወርቅ በእጇ ያልፍ ነበር። ወርቅና የዝሆን ጥርስ ይወጣል፤ የሕንድ ጨርቅና የቻይና ሸክላ ይገባል። የራሷን የመዳብ ሳንቲም ትመታ ነበር፤ ከነዚያ ሳንቲሞች አንዱ ርቆ በታላቋ ዚምባብዌ ፍርስራሽ ውስጥ ተገኝቷል። ከዛጎል ድንጋይ የተሠራው ታላቁ መስጂዷ ጉልላቶቹንና ዓምዶቹን ይዞ ዛሬም ይታያል።

በ1331 እ.ኤ.አ. አካባቢ ታዋቂው ተጓዥ ኢብን ባጡጣ (ረሒመሁላህ) ኪልዋ ደረሰ። ሱልጣኑ ሐሰን ኢብን ሱለይማን ነበር። ሕዝቡ ከቸርነቱ ብዛት «አቡል መዋሂብ»፣ የስጦታዎች አባት፣ ይለዋል። ከድሆች ጋር ተቀምጦ ይበላል፤ የዲን ሰዎችን ያከብራል።

ኢብን ባጡጣ በዓይኑ ያየውን ይተርካል። ቀኑ ጁምዓ ነው። ሱልጣኑ ሰግዶ ወደ ቤቱ ሲመለስ አንድ የየመን ፈቂር መንገድ ላይ አስቆመው፤ የለበስከውን ልብስ ስጠኝ አለው። ሱልጣኑ እሺ አለ። ፈቂሩ አሁኑኑ ብሎ አጥብቆ ያዘ። ሱልጣኑ አልተቆጣም፤ ወደ መስጂዱ ተመልሶ፣ ኸጢቡ ቤት ገብቶ ሌላ ልብስ ለበሰና ያወለቀውን ሰጠው። ፈቂሩም ልብሱን ጠቅልሎ፣ በራሱ ተሸክሞ ሄደ።

ሱብሓነላህ! ይህን ታሪክ መጀመሪያ የሰማሁት በልጅነቴ፣ መድረሳ ውስጥ ነው። ኡስታዛችን ሲነግሩን ዓይናችን እንባ አቀረረ። እሳቸው ያቆሙት ግን እዚህ ላይ ነበር። ዩኒቨርሲቲ ገብቼ መጽሐፉን ራሴ ሳነበው ታሪኩ እንደሚቀጥል አየሁ።

የሱልጣኑ ልጅ ልብሱን ከፈቂሩ መልሶ ወሰደና በምትኩ አሥር ባሪያዎች ሰጠው። ሕዝቡ ማመስገኑን ሱልጣኑ ሲሰማ፣ እሱም ሌላ አሥር ባሪያና ሁለት ጭነት የዝሆን ጥርስ ጨመረለት።

እዚህ ጋ ቆም በሉ። የሱልጣኑ ስም ተጽፏል፤ የፈቂሩ አገር ተጽፏል። በአንድ ልብስ የተለወጡት ሰዎች ግን ስም የላቸውም። እናት ነበራቸው? ከየት መንደር ተወሰዱ? ኢብን ባጡጣ ራሱ ሱልጣኑ ወደ የብሱ ምድር ብዙ ጊዜ እየዘመተ ምርኮ ያመጣ እንደነበር ይነግረናል። ስለነዚያ ሰዎች ግን አንድ ቃል አልጨመረም። ወጉ እናቶቹን እንደረሳ፣ ታሪኩም እነዚህን ረሳ።

ያኔ የነገሥታት ሁሉ ልማድ ነበር ብለን ማለፍ እንችላለን፤ እውነትም ነው። ግን እኛ በጣም የምንኮራው በማን ነው? በቢላል (ረ.ዐ) አይደለም? የሐበሻው ቢላል፣ አቡበክር (ረ.ዐ) ገዝተው ነፃ ያወጧቸው! ደግሞ «ከተማ» የሚል ስም ያላትን ሱረቱል በለድን አስቡ። አላህ (ሱ.ወ) ስለ አስቸጋሪው አቀበት ሲነግረን በመጀመሪያ የጠቀሰው ባሪያን ነፃ ማውጣት ነው፤ ቀጥሎም በረሃብ ቀን ዘመድ የሆነን የቲምና አፈር ላይ የወደቀን ሚስኪን ማብላት። ልብስ አውልቆ መስጠት ከባድ ነው። አቀበቱ ግን ከዚያም ይበልጣል።

ከተማዋስ ምን ሆነች? ኢብን ባጡጣ እንደሚለው፣ ቸሩ ሱልጣን ሲሞት ወንድሙ ዳውድ ነገሠ። ለማኝ ሲመጣ የሚሰጠው ሰው ሞቷል፣ የሚሰጥ ነገርም አልተወም እያለ ይመልስ ነበር፤ ቀስ በቀስ በሩን የሚያንኳኳ ጠፋ። በ1502 ቫስኮ ዳ ጋማ መጥቶ ወርቅ አስገበረ፤ በ1505 የፖርቱጋል መርከቦች ከተማዋን ዘረፉ። በ1776 ደግሞ የኪልዋ ሱልጣን ከአንድ ፈረንሳዊ ነጋዴ ጋር በየዓመቱ 1,000 ባሪያ ለመሸጥ ተዋዋለ። አሥር ብሎ የተጀመረው ስጦታ በጊዜ ብዛት ሺህ ሆነ አልላችሁም፤ ታሪክ እንዲህ ቀላል አይደለም። ግን ሰውን እንደ ዕቃ መቁጠር በአንድ ትውልድ በጎ ሥራ ውስጥ ተደብቆ ሲያልፍ፣ ለሚቀጥለው ትውልድ ገበያ ይሆናል።

ምን እንያዝ?

አንደኛ፣ ቸርነት በአንድ ሰው ላይ ብቻ ከቆመ ከሰውየው ጋር ይቀበራል። ሰደቃችሁን ልማድ አድርጉት፤ ቤተሰባችሁንና ጓደኞቻችሁን አስገቡበት።

ሁለተኛ፣ የምትሰጡት ከየት እንደመጣ ጠይቁ። የሠራተኛን ደመወዝ እያዘገየ መስጂድ ምንጣፍ የሚያነጥፍ ሰው አለ። ቤቷ ያለችውን የቤት ሠራተኛ እየሰደበች በረመዷን ኢፍጣር የምታበላ አለች። ሰደቃው የሚታይ ነው፤ ዋጋውን የከፈለው ሰው ግን አይታይም። አላህ ግን ያየዋል።

ሦስተኛ፣ የሙስሊሞችን ታሪክ ስታነቡ እስከ መጨረሻው አንብቡ። ሐሰን ኢብን ሱለይማን ትሑትና ቸር ነበር፤ እናመስግነው። ያጎደለውንም እንይ። ታሪካችንን መውደድ ማለት ግማሹን መደበቅ አይደለም።

ዛሬ ከጁምዓ ስትወጡ በር ላይ እጁን የሚዘረጋ ታገኛላችሁ፤ ስጡት። ከዚያ ቤት ስትደርሱ፣ ልብሳችሁን ያጠበችውንና ምሳችሁን የሠራችውን በስሟ ጠርታችሁ አመስግኗት። ያልተከፈላት ካለ ዛሬውኑ ክፈሏት።

አላህ ከሚሰጡት፣ ሲሰጡም ማንንም ከማይበድሉት ያድርገን። ስማቸው ያልተጻፈውን በራሕመቱ ያስባቸው። አሚን። ወላሁ አዕለም።