ቬትናምኛ ጽሑፍ ያለውን የፈረንሳይ ፊልም እጃጂ ከተማ ላይ በአማርኛ ለማየት

የፈረንሳይ የወጣቶች የፍቅር ፊልም አግኝታችሁ ከሥር የሚወጣው ጽሑፍ ቬትናምኛ ቢሆን ፊልሙን አትጣሉት። ትልቁ ድካም እያንዳንዱ ንግግር በስንት ሰዓት ገብቶ በስንት እንደሚወጣ መለካቱ ነው፤ እሱን ሌላ ሰው ጨርሶላችኋል። ለምሳሌ የክሎድ ፒኖቶን «ላ ቡም» (1980 እ.ኤ.አ.) እንያዝ፤ ሶፊ ማርሶ የ13 ዓመቷን ቪክን ሆና የተወነችበትን።

1. ፊልሙን ቪኤልሲ በሚባለው የቪዲዮ ማጫወቻ ከፍታችሁ ጽሑፉን አጥፉ። አልጠፋ ካለ ከምስሉ ጋር ተጣብቋል፤ ስሙ በ«ኤስአርቲ» የሚያልቅ ለብቻው የተቀመጠ ፋይል ፈልጉ።

2. ፋይሉን በኖትፓድ ክፈቱ። እንዲህ ያለ መስመር ታያላችሁ፦

214
00:41:07,300 --> 00:41:10,000

ቁጥሩን፣ ሰዓቱንና ባዶውን መስመር አትንኩ። ቬትናምኛውን ብቻ አጥፍታችሁ አማርኛውን ተኩ። ፈረንሳይኛ የማትችሉ ከሆነ የእንግሊዝኛውን ጽሑፍ ጎን ለጎን ክፈቱ።

3. ከመጻፋችሁ በፊት ፊልሙን እስከ መጨረሻው እዩት። ተናጋሪው ለወንድ ይሁን ለሴት እንደሚናገር ካላያችሁ «እወድሃለሁ» እና «እወድሻለሁ» ይምታታሉ። ቪክ ምስጢሯን የምታዋያት ቅድመ አያቷ ፑፔትስ «አንቺ» ትባል ወይስ «እርስዎ»? እኔ «አንቺ» እላለሁ፤ ሁለቱ እንደ ጓደኛ ነው የሚጨዋወቱት፣ «እርስዎ» ያራርቃቸዋል። ለወላጆቿም እንዲሁ። ንግግሩ ከሁለት መስመር ከበለጠ ሳትራሩ ቁረጡት። ተመልካች ሲያነብ የልጅቷ ፊት ሊያመልጠው አይገባም፤ በዚህ ፊልም አብዛኛው ነገር ያለው ፊቷ ላይ ነው።

4. ስታስቀምጡ ኢንኮዲንጉን «ዩቲኤፍ-8» አድርጉ፤ አለዚያ ፊደላችን ጠፍቶ የጥያቄ ምልክት ብቻ ይቀራል። የፋይሉ ስም ከፊልሙ ስም ጋር አንድ ይሁን፤ ሁለቱም አንድ ፎልደር ውስጥ ይቀመጡ።

5. ጽሑፉ ንግግሩን ከቀደመ በኮምፒውተር «ኤች»ን፣ ከዘገየ «ጂ»ን ተጫኑ፤ በተጫናችሁ ቁጥር 50 ሚሊ ሰከንድ ይሄዳል። መጀመሪያ ላይ ገጥሞ እየቆየ የሚራራቅ ከሆነ ግን ጽሑፉ የተሠራው ለሌላ ቅጂ ነው።

6. የፊልሙ ፋይል ትልቅ ስለሆነ ከአምቦ ወደ እጃጂ በፍላሽ ይምጣ። የጽሑፉ ፋይል ግን ከአንድ ፎቶ ያነሰ ነውና በቴሌግራም ይላካል። መብራት ሳይጠፋ ላፕቶፑን ሙሉ ቻርጅ አድርጉ። ማንበብ የማይችሉ እናትና አባት አብረው ካሉ አንድ ጥሩ አንባቢ ድምፁን ከፍ አድርጎ ያንብብላቸው። ለእጃጂ ቤተሰብ በአፋን ኦሮሞም ጻፉት፤ ሰዓቱ ያው ስለሆነ የሚቀየረው ንግግሩ ብቻ ነው። ሁለተኛውን ፋይል በቪኤልሲ የጽሑፍ ዝርዝር ውስጥ ጨምራችሁ ተመልካቹ የፈለገውን ይምረጥ።