የሀገር ደኅንነት ክርክርና የቴሌቪዥን ተንታኙ ሚና
(ለጥናት ክበብ የቀረበ መነሻ ጽሑፍ)

የዛሬው ጥናታችን አንድ ጥያቄ ያነሣል። ይኸውም ስለ ሀገር ደኅንነት በቴሌቪዥን ክርክር ሲካሄድ ተንታኙ የሚናገረው በማን ስም ነው? የሚል ነው። ለምሳሌ የምንወስደው እዚሁ በመካከለኛው ምሥራቅ የተካሄደውን የኢራቅ ጦርነት ነው።

፩. የተንታኙ ቦታ

ስለ ኑሮ ውድነት ሲነገር ማንም ሰው ከገበያ የመጣውን ዘንቢል አይቶ ማመዛዘን ይችላል። በደኅንነት ጉዳይ ግን ማስረጃው በምስጢርነት ይቆለፋል። በመሆኑም ተመልካቹ የሚያምነው ማስረጃውን ሳይሆን ሰውየውን ነው። በእኛም ሙያ በሽተኛው የላቦራቶሪ ውጤት ማንበብ ስለማይችል ሐኪሙን ያምናል። ሐኪሙ ከመድኃኒት ሻጩ ጋር የጥቅም ግንኙነት ካለው ግን በሽተኛው ይህን ማወቅ አለበት።

፪. የኢራቅ ምሳሌ

ፌር የተባለው የአሜሪካ የመገናኛ ብዙኃን ተመልካች ድርጅት፣ ጦርነቱ እ.ኤ.አ. በመጋቢት 2003 ከመጀመሩ በፊት የ4 ጣቢያዎችን የማታ ዜና ለ2 ሳምንት መርምሮ ነበር። ስለ ኢራቅ እንዲናገሩ ከቀረቡት 393 ሰዎች 267ቱ አሜሪካውያን ነበሩ። ከእነዚህም 199ኙ በሥራ ላይ ያሉ ወይም የቀድሞ ባለሥልጣኖችና መኮንኖች ነበሩ። ከ199ኙ መካከል ጥርጣሬ ወይም ተቃውሞ ያሰማው 1 ሰው፣ ሴናተር ኤድዋርድ ኬኔዲ ብቻ ነበር።

ኒው ዮርክ ታይምስ ጋዜጣ ደግሞ በሚያዝያ 2008 ሌላ ጉድ አወጣ። «የጦር ተንታኝ» እየተባሉ የሚቀርቡትን ጡረተኛ መኮንኖች የመከላከያ ሚኒስቴሩ ከ2002 ጀምሮ ለብቻቸው እየሰበሰበ መግለጫ ይሰጣቸው ነበር። ብዙዎቹ ለጦሩ ዕቃና አገልግሎት ከሚሸጡ ኩባንያዎች ጋር ይሠሩ ነበር። ተመልካቹ ግን ይህ አይነገረውም ነበር ለማለት ይቻላል። የሚኒስቴሩ ዋና መርማሪ በ2011 ደንብ አልተጣሰም ሲል ደመደመ። ሆኖም ደንብ አለመጣሱ ተመልካቹ ያልተነገረውን እንዲያውቅ አያደርገውም። ኢራቅ አከማችታለች የተባለው የጅምላ ጨራሽ መሣሪያም አለመኖሩ በ2004 በመርማሪዎች ሪፖርት ተረጋገጠ።

፫. ከዚህ የምንማረው

የመኮንን ዕውቀት የሚናቅ አይደለም፤ ጦርን የሚያውቅ ሰው ያስፈልጋል። ነገር ግን ከማዕረጉ በፊት ሦስት ነገር እንጠይቅ፦

ሀ) ጥቅሙ ከማን ይመጣል?
ለ) የሚናገረው ያየውን ነው ወይስ የተነገረውን?
ሐ) ከዚህ በፊት የተናገረው እውነት ሆኖ ተገኝቷል?

የተሳሳተ ተንታኝ በማግሥቱም ሊጋበዝ ይችላል። የስሕተቱን ዋጋ የሚከፍሉት ግን የባግዳድ ቤተሰብና ወደ ግንባር የተላከው ወታደር ናቸው።

የመወያያ ጥያቄ፦ በምንከታተላቸው ጣቢያዎች ተንታኙ ሲተዋወቅ ስለ እርሱ ምን ይነገረናል? ምንስ ሳይነገረን ይቀራል?