የወላጅ ቤትና የልጆች ዕርቅ

በስደት የምንኖር ወገኖች የወላጅን መርዶ በስልክ ከሰማን በኋላ፣ ብዙ ጊዜ የዐርባው ተዝካር ሳይወጣ ሁለተኛ ወሬ ይደርሰናል፤ ይኸውም የቤቱ ክፍፍል ነው። እዚህ ያለው ወንድም «ገንዘብ ልኬ ያሠራሁት ቤት ነው» ይላል፤ እዚያ ያለችው እኅት ደግሞ «እናቴን አስታምሜ የቀበርኩ እኔ ነኝ» ትላለች። ሁለቱም እውነት ይናገራሉ፤ ክርክሩ የሚከፋውም ስለዚህ ነው።

ጠቡ ከሰው ጠባይ ብቻ የመጣ አይደለም። በ1967 ዓ.ም. የወጣው የከተማ ቦታና ትርፍ ቤት አዋጅ ለአንድ ቤተ ሰብ ከአንድ መኖሪያ ቤት በላይ አልፈቀደም፤ ስለዚህ ለብዙ ልጆች የቀረው አንድ ግቢ ነበር። አንድ ቤት ደግሞ ለአምስት ወራሾች በዓይነት ለመክፈል አይመችም፤ ካልተስማሙ መሸጡ አይቀርም። በዚህ ጽሑፍ ልናስረዳ የምንወደው፣ በሽማግሌ የተጀመረ ዕርቅ በፍርድ ቤት ሲጸድቅ ምን ኃይል እንደሚያገኝና ምን ጥንቃቄ እንደሚሻ ነው።

ዕርቅ በሕግ ፊት

በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ በቁጥር 3307 እንደሚያመለክተው፣ የዕርቅ ስምምነት ማለት ወገኖች እያንዳንዳቸው ከሚሉት መብት አንዳች ነገር ትተው ያለውን ክርክር የሚጨርሱበት፣ ወይም ሊመጣ ያለውን የሚከለክሉበት ውል ነው። እንግዲህ አንዱ ብቻ የሚተውበት ነገር መሸነፍ እንጂ ዕርቅ አይባልም።

በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግም ከቁጥር 274 እስከ 277 ባሉት አንቀጾች፣ ተከራካሪዎች በማናቸውም ጊዜ፣ በችሎትም ሆነ ከችሎት ውጭ፣ በራሳቸው ፈቃድ ወይም በዳኛው አስማሚነት እንዲታረቁ ይፈቅዳል። ዳኛው ውሉ ሕግንና መልካም ጠባይን የማይቃረን መሆኑን ተመልክቶ ሲያጸድቀው እንደ ፍርድ ይፈጸማል። በፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 3312 መሠረት በተስማሚዎቹ መካከል ይግባኝ እንደሌለው ፍርድ ይጸናል፤ «መብቴን ተሳስቼ ነው የታረቅሁት» ብሎ ማፍረስም አይቻልም። ስለዚህ ድርሻን አጣርቶ ማወቅ ከፊርማ በፊት ነው።

በምንኖርባት በፍራንክፉርትም ነገሩ ከዚህ አይርቅም። የጀርመን የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ በቁጥር 278 ዳኛው በክርክሩ ደረጃ ሁሉ ዕርቅን እንዲሻ ያዝዛል፤ በችሎት የተመዘገበውን ዕርቅም በቁጥር 794 ሊፈጸም የሚችል ሰነድ ያደርገዋል። ኮንስታብለርቫኸ አጠገብ ባለው ፍርድ ቤት ጉዳይ ያለው ሰው «ፈርግላይኽ» ሲባል ቢሰማ ትርጉሙ ይኸው ነው። ይሁን እንጂ ቤቱ ያለው አዲስ አበባ ከሆነ፣ ስምምነቱን እዚያው ሥልጣን ባለው ፍርድ ቤት ማጸደቅ ይሻላል፤ የውጭ አገር ፍርድ ኢትዮጵያ ውስጥ ለመፈጸም ሌላ አቤቱታ ይጠይቃልና።

ሦስት ጥንቃቄዎች

፩ኛ. ውክልና። በጠቅላላ ውክልና ብቻ መታረቅ አይቻልም። የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 2205 ወኪሉ ያለ ልዩ ሥልጣን የማይንቀሳቀስ ንብረት እንዳይሸጥ፣ ዕርቅም እንዳይፈጽም ይከለክላል። ስለዚህ በቆንስላ በኩል የምንሰጠው ውክልና «ለመታረቅ» የሚል ቃል በግልጽ ይኑረው፤ እስከ ምን ድረስ እንደሚታረቅም ይወሰን።

፪ኛ. ሁሉም ወራሾች ይጠሩ። ከሌላ እናት የተወለደ ልጅም ወራሽ ነው። ሳይጠራ የቀረ ባለ መብት በስምምነቱ አይገደድም፤ በሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 358 መሠረት መቃወሚያ ሊያቀርብ ይችላል፤ ያን ጊዜ ያለቀው ነገር እንደ ገና ይጀመራል።

፫ኛ. ቃሉ የተቈረጠ ይሁን። «ወንድሜ ይረዳኛል» የሚለውን ዳኛ ሊያስፈጽመው አይችልም። ለምሳሌ እኅት ቤቱን ትያዝ ቢባል፣ የወንድም ድርሻ ስንት እንደ ሆነ፣ በየትኛው ገንዘብና በስንት ጊዜ እንደሚከፈል፣ ባትከፍል ምን እንደሚሆን ይጻፍ። ለማስታመም የወጣው ወጪና ለጣሪያው የተላከው ገንዘብም በሒሳብ ይግባ፤ ሳይነገር የታለፈ ውለታ ኋላ ቂም ሆኖ ይመለሳልና።

በሉቃስ ወንጌል ምዕራፍ 12 አንድ ሰው ወንድሙ ርስቱን እንዲያካፍለው ጌታችንን በለመነ ጊዜ፣ ጌታችን ከፋይ መሆንን አልወደደም፤ ይልቁንም ከመጎምጀት እንዲጠበቁ አስተማረ። ዳኛው ወረቀቱን ያጸናል፤ ወንድምና እኅትን በሙት ዓመቱ ቀን በአንድ ገበታ የሚያስቀምጣቸው ግን በሽማግሌ ፊት የተባባሉት ይቅርታ ነው። ስለዚህ ሁለቱንም እንያዝ፤ አስቀድሞ ይቅርታውን፣ ቀጥሎም ማኅተሙን።