ጅባራ፦ በዕድሜው አንድ ጊዜ ብቻ የሚያብብ የውርጭ ተክል

የትምህርቱ ዓላማ፦ አርሶ አደሮች ዘሩን ያልበተነ ጅባራ ለምን መቆረጥ እንደሌለበት ያስረዳሉ።

ጅባራ በተፈጥሮ የሚበቅለው በኢትዮጵያ ብቻ ነው። በስሜን፣ በባሌ፣ በጮቄና በጓሳ ተራሮች፣ ከባሕር ጠለል በላይ ከ3,000 ሜትር በሚበልጥ ብርዳማ ከፍታ ይገኛል።

እንዴት ያድጋል?
ለብዙ ዓመታት ሳያብብ ግንዱን እያወፈረ ይቆያል። ሲደርስ ከአናቱ ከሰው ቁመት የሚበልጥ የአበባ ዘንግ ያወጣል። ወፎች አበባውን ሲቀስሙ ያዳቅሉታል። ደቃቅ ዘሩን ነፋስ ይበትነዋል፤ ተክሉም በቆመበት ይደርቃል፤ ዳግም አያብብም።

ጉዳቱ ከየት ይመጣል?
• ሳያብብ ለማገዶ ወይም ለአጥር የተቆረጠ ጅባራ ዘር ሳይተካ ይቀራል።
• እርሻ ወደ ተራራው ሲወጣ የሚበቅልበት ቦታ ይጠባል።
• ከብት ችግኙን ይረግጠዋል።
• አየሩ ሲሞቅ ብርድ የለመደ ተክል ወደ ላይ ይሸሻል፤ ከተራራው አናት በላይ ግን መሄጃ የለውም።

ምን እናድርግ?
1. እርጥቡን ጅባራ አትቁረጡ።
2. የደረቀውን ለማገዶ መውሰድ በአካባቢው ደንብ ቢፈቀድም እንኳ አስቀድማችሁ ፍሬውን ፈልፍላችሁ እዩ፤ ዘር ካለበት ተዉት።
3. በተሻሻለ ምድጃ ማገዶ ቆጥቡ።
4. ችግኝ የበዛበትን ቦታ በጋራ ስምምነት ከልሉ። የመንዝ ሕዝብ ጓሳን ለዘመናት የጠበቀው በራሱ ደንብ ነው።

ለውይይት፦
በልጅነታችሁ ጅባራ የነበረበት፣ ዛሬ ግን የጠፋበት ቦታ አለ? ምን ለወጠው? የቀረውን ለመጠበቅ ማን ምን ኃላፊነት ይውሰድ?