ኃላፊው ማዕቀብ ውስጥ ነው፤ ውሉን ልፈርም?

እንበልና ሜሪላንድ የሚኖሩ፣ ግሪን ካርድ ያለዎት የኮምፒዩተር ባለሙያ ነዎት። የአንድ አፍሪካዊ አገር ምርጫ ኮሚሽን ሥራ አቀረበልዎ። የኮሚሽኑ ሰብሳቢ ግን ስሙ በአሜሪካ የማዕቀብ መዝገብ ላይ ሰፍሯል። ውሉን መፈረም ይችላሉ?

ሰብሳቢው መዝገብ ላይ የሰፈረበት ኮሚሽን በኮንጎ ዴሞክራሲያዊ ሪፐብሊክ በእውን ነበረ። ኮርኔይ ናንጋ ከ2015 (እ.ኤ.አ.፣ ከዚህ በታች ያሉትም እንዲሁ) ጀምሮ የአገሪቱን ምርጫ ኮሚሽን መርቷል። በ2016 መካሄድ የነበረበት ምርጫ ተጓትቶ በ2018 መጨረሻ ሆነ። በማርች 2019 የአሜሪካ ግምጃ ቤት ናንጋን መዝገቡ ላይ አሰፈረው፤ ከከሰሰበት ነገር አንዱ ከባልደረቦቹ ጋር የድምፅ መስጫ ማሽኖችን ዋጋ እስከ 100 ሚሊዮን ዶላር አጋንኗል የሚል ነበር። ናንጋ ግን እስከ 2021 ከወንበሩ አልተነሣም።

ብዙ ሰው የሚስተው እዚህ ላይ ነው። ማዕቀብ የፍርድ ቤት ውሳኔ አይደለም፤ ከሥልጣን አያወርድም፣ አያስርም። አሜሪካ ያለ ንብረቱን ያግዳል፤ ትእዛዙ ግን በዋናነት የሚመለከተው እርስዎን ነው። የአሜሪካ ዜጋና ግሪን ካርድ ያለው ሰው አዲስ አበባም ዱባይም ይሁን፣ እንዲሁም በአሜሪካ ምድር ያለ ማንኛውም ሰው፣ ከተመዘገበው ሰው ጋር ገንዘብም አገልግሎትም መለዋወጥ አይችልም። «አላወቅሁም» ማለት ከቅጣት አያድንም። በ2025 ስሌት የፍትሐ ብሔር ቅጣቱ ለአንድ ጥሰት እስከ 377,700 ዶላር ወይም የግብይቱ እጥፍ፣ ከሁለቱ የበለጠው ነው። ሆን ብሎ ያደረገው ደግሞ እስከ 20 ዓመት እስራት ያሰጋዋል።

ታዲያ ኮሚሽኑስ? ሰብሳቢው ስለተመዘገበ ብቻ መሥሪያ ቤቱ አይታገድም። ውሉን የሚፈርመው ራሱ ከሆነ ወይም ክፍያው ለእርሱ የሚደርስ ከሆነ ግን ክልክል ነው። ስለዚህ «ማን ነው የሚፈርመው?» ብለው ይጠይቁ። «ምክትሉ ይፈርማል» ቢሉዎትም አይቸኩሉ፤ በኮንጎ ምክትሉ ኖርበርት ባሴንጌዚም የተመዘገበው ከናንጋ ጋር በአንድ ቀን ነው። ከጥርጣሬ ካልወጡ ከግምጃ ቤቱ የውጭ ሀብት ቁጥጥር ቢሮ ፈቃድ ይጠይቁ። ማመልከቻው ክፍያ የለውም።

ሁለተኛው ነገር ለእኛ ሰው ይበልጥ ቅርብ ነው። የቤተሰብ ስም የለንም፤ በአባትና በአያት ስም ነው የምንጠራው፤ በላቲን ፊደል ደግሞ አንዱ ስም በአራት መልክ ይጻፋል። በኖቬምበር 2021 በኢትዮጵያ ጦርነት ሰበብ ከተመዘገቡት ኤርትራውያን መካከል አብርሃና ሐጎስ የሚባሉ አሉ። እነዚህ ስሞች በየቤቱ የሞሉ ናቸው። ባንክዎ ዝውውርዎን «ስም ተመሳስሏል» ብሎ ቢይዝብዎ አይደንግጡ፤ ምክንያቱን በጽሑፍ ይጠይቁ፣ ፓስፖርትዎን፣ የትውልድ ቀንዎንና ቦታዎን፣ እስከ አያት ያለ ሙሉ ስምዎን ያቅርቡ። ገንዘቡ በስህተት ታግዶ ከሆነ በማንነት ስህተት የታገደን ገንዘብ ለማስለቀቅ በሕጉ የተደነገገ ሥርዓት አለ። ይህ ለምኖ የሚገኝ ቸርነት ሳይሆን መብትዎ ነው።

ራሱ የተመዘገበው ሰውም ስሙ እንዲሰረዝ ለቢሮው ማመልከት ይችላል፤ ጠበቃ የግድ አይደለም፣ ማስረጃ ግን የግድ ነው። ወደ ናንጋ እንመለስ፤ በ2023 መጨረሻ ናይሮቢ ላይ የኮንጎ ወንዝ ጥምረትን መሠረተ፤ ኤም23 የተባለው አማፂ ቡድን የዚህ ጥምረት አባል ነው። በጁላይ 2024 አሜሪካ ጥምረቱንም በማዕቀብ መዘገበች፤ በኦገስት የኪንሻሳ ወታደራዊ ፍርድ ቤት ናንጋን በሌለበት ሞት ፈረደበት። ዳኛ የፈረደው ያኔ ነው፤ በ2019 ግን የወሰነው ግምጃ ቤት እንጂ ዳኛ አልነበረም።

ውል ከመፈረምዎ በፊት የእያንዳንዱን ፈራሚ ስም በግምጃ ቤቱ ድረ ገጽ ይፈልጉ፤ ፍለጋው ነጻ ነው። ውጤቱን ከነቀኑ ያትሙና ከውሉ ጋር ለ10 ዓመት ያስቀምጡ።