ሳቅና ይሉኝታ

ምንባብ
(በምንባቡ የተጠቀሱት ዘመናት እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ስለ ድምፅ አልባ ፊልም አስቂኝ ተዋንያን ሲወራ፣ ብዙ ሰው አስቀድሞ የሚያስታውሰው ቻርሊ ቻፕሊንን ነው። ባርኔጣው፣ ከዘራውና ሰፊ ሱሪው ከሩቅ ያስለዩታል። በዚያው ዘመን ግን እንዲህ ያለ ምልክት ሳይኖረው ተመልካችን ያሳቀ ሌላ ቻርሊ ነበር፤ እርሱም ቻርሊ ቼዝ ነው።

ወላጆቹ ያወጡለት ስም ቻርልስ ጆሴፍ ፓሮት ነበር። በ1893 በአሜሪካ፣ በባልቲሞር ከተማ ተወለደ። ወደ ፊልም ሥራ ከመግባቱ በፊት በመድረክ ላይ እያሳቀ ይተዳደር ነበር። በ1914 በኪስቶን የፊልም ድርጅት ተቀጥሮ፣ ቻፕሊን በሚጫወትባቸው አንዳንድ ፊልሞች ውስጥ በትንንሽ ሚናዎች ታየ። ከዚያ በኋላ ወደ አዘጋጅነት አዘነበለ፤ በ1921ም በሃል ሮች ድርጅት የአዘጋጆች የበላይ ኃላፊ ሆነ። በ1924 እንደገና ወደ ካሜራ ፊት ሲመለስ ቻርሊ ቼዝ በሚል ስም ታወቀ።

ቼዝ የሚጫወተው ሰው ንጹሕ ልብስ የለበሰ፣ ትሑትና ጨዋ ነው። ትልቁ ጠላቱ ይሉኝታ ነው። አንዲት ትንሽ ነውር ለመሸፈን ሲል ትልቅ ውሸት ይዋሻል፤ ያንንም ለመሸፈን ሌላ ይጨምራል።

ለዚህ ጥሩ ምሳሌ የሚሆነው ሊዮ ማኬሪ በ1926 ያዘጋጀው «ማይቲ ላይክ ኤ ሙስ» የተባለው አጭር ፊልም ነው። ባልየው ጥርሱ ገጣጣ፣ ሚስቱ አፍንጫዋ ትልቅ ነው። ሁለቱም ሳይነጋገሩ፣ በየፊናቸው ሐኪም ዘንድ ሄደው ጉድለታቸውን ያስተካክላሉ። ከዚያም በአጋጣሚ ሲገናኙ አይተዋወቁም፤ ይልቁንም ተዋደው አብረው ለመዝናናት ይቀጣጠራሉ። ባልየው ነገሩ ሲገባው ሚስቱን ሊያሳፍር ይነሣል። ሰው ሠራሽ ገጣጣ ጥርስ ሲያደርግ ባል፣ ሲያወልቅ ውሽማ እየሆነ ብቻውን ይደባደባል። ተመልካቹ ይስቃል፤ ነገር ግን ከሳሹም እንደ ተከሳሿ ጥፋተኛ መሆኑን ያስተውላል።

ድምፅ ያለው ፊልም በመጣ ጊዜ ቼዝ እየተናገረና እየዘፈነ ሥራውን ቀጠለ። በ1936 ከሃል ሮች ድርጅት ተሰናብቶ፣ በ1937 ወደ ኮሎምቢያ የፊልም ድርጅት ገባ፤ በዚያም ተዋናይም አዘጋጅም ሆኖ ሠራ። በ1940፣ ገና በ46 ዓመቱ፣ በልብ ሕመም ሞተ።

ቼዝ የቻፕሊንን ያህል ያልታወሰው ለምንድን ነው? አንዱ ምክንያት ከማናቸውም ጎረቤት የማይለይ ሰው ሆኖ መጫወቱ ሳይሆን አይቀርም። ሥራው ግን እንደዚሁ ተረስቶ አልቀረም። ከላይ የተጠቀሰው ፊልም በ2007 በአሜሪካ በቅርስነት ተጠብቀው እንዲቆዩ በተመረጡ ፊልሞች መዝገብ ውስጥ ገብቷል።

መልመጃ

ሀ. የሚከተሉትን ቃላት በዐረፍተ ነገር አስገቡ፦ ይሉኝታ፣ ገጣጣ፣ በየፊናቸው፣ አዘነበለ።

ለ. ለሚከተሉት ጥያቄዎች መልስ ስጡ።
1. ቼዝን ከቻፕሊን የሚለየው ምንድን ነው?
2. ባልየው ብቻውን መደባደቡ ምን ያስተምራል?

ሐ. ይሉኝታ ሰውን የሚጠቅምበትንና የሚጎዳበትን ሁኔታ በማነጻጸር አንድ አንቀጽ ጻፉ።